ውሃ የመጣ ሌሊት፦ የቤት ቧንቧ ከቆጣሪው እስከ ፍሳሽ ጉድጓዱ

አዲስ አበባ ውስጥ የቤት ቧንቧ የሚበላሸው አብዛኛውን ጊዜ ውሃ በሄደበት ቀን ሳይሆን በመጣበት ሌሊት ነው። መስመሩ ባዶ ሆኖ ሲቆይ ውስጡን አየር ይሞላዋል፣ የዛገው ቅርፊት ይላላል። ፈረቃው ደርሶ ውሃው ሲለቀቅ አየሩንም ዝገቱንም አሸዋውንም እየገፋ ይመጣና ቆጣሪው ላይ፣ የሮቶው ተንሳፋፊ ላይ፣ የሩቢኔቱ ሆድ ውስጥ ያራግፈዋል። ውሃ ቀን ከሌት ለማይቋረጥበት ከተማ የተጻፈ መመሪያ እዚህ ግማሹ የማይሠራውም ለዚህ ነው።

መሃል አዲስ አበባ ባለ ግቢ የውሃው መንገድ ከሞላ ጎደል አንድ ነው። ከመንገድ የገባው መስመር መጀመሪያ ቆጣሪው ጋ ይደርሳል፤ ከቆጣሪው ቀጥሎ የቤቱ ዋና መዝጊያ አለ። ከዚያ ወይ በቀጥታ ወደ ግቢው ቧንቧ ይሄዳል፣ ወይ መሬት ላይ ወደተቀመጠው ሮቶ ይገባል። ከታችኛው ሮቶ ፓምፕ ስቦ ጣሪያ ላይ ወዳለው ይገፋዋል። ከጣሪያው ደግሞ በራሱ ክብደት ወደ ሽንት ቤት፣ ወደ ወጥ ቤትና ወደ ቦይለሩ ይወርዳል። ግፊቱ ደህና በሆነበት ግቢ ታችኛው ሮቶና ፓምፑ አያስፈልጉም፤ ውሃው ራሱ ጣሪያ ይወጣል። ኮንዶሚኒየም ውስጥ ቆጣሪዎቹ አንድ ቦታ ተደርድረው ይገኛሉ፤ የእርስዎ የትኛው እንደሆነ ቁጥሩን ከክፍያ ደረሰኙ ጋር አመሳክረው ይወቁት።

ይህን መንገድ በእግር ይከተሉት። ከቆጣሪው ተነስተው መዝጊያዎቹን ይቁጠሩ፣ የትኛው የቱን እንደሚዘጋ አንድ በአንድ ዘግተው ያረጋግጡ፣ በማርከር ይጻፉበት። ሌሊት ቧንቧ ፈንድቶ ወለሉ ሲጥለቀለቅ በስልክ መብራት መዝጊያ ከመፈለግ የሚያድነው ይህ የአንድ ሰዓት ሥራ ነው። በድሮ ግቢዎች ዋናው መዝጊያ ክብ እጀታ ያለው ጌት ቫልቭ ነው። ለዓመታት ሳይነካ ከኖረ ወይ አልዘጋ ይላል፣ ወይ ግንዱ ተበጥሶ እጀታው እጅ ላይ ይቀራል። በየ3 ወሩ ዘግተው ይክፈቱት፤ እስከ መጨረሻ ከከፈቱት በኋላ ሩብ ዙር መለስ ያድርጉት፣ ነክሶ እንዳይቀር። የሚቀየር ከሆነ ቦል ቫልቭ፣ ማለትም እጀታው ሩብ ዙር ብቻ የሚዞረውን፣ ያስገቡ። ቦል ቫልቭ ግን ወይ ይከፈታል ወይ ይዘጋል፤ ግማሽ ተከፍቶ ከኖረ ውስጡ ያለው ላስቲክ ተበልቶ መዝጋት ያቅተዋል።

ግፊት ማለት ከፍታ ነው

አንድ ቁጥር መያዝ ይበቃል፦ 10 ሜትር ከፍታ 1 ባር ነው። ከለገሃር ተነስቶ ቸርችል ጎዳናን ሽቅብ ወደ ፒያሳ የወጣ ሰው ዳገቱን በጉልበቱ ያውቀዋል፤ ውሃውም እንደዚያው ነው። በአንድ መስመር ላይ ካሉ ግቢዎች 20 ሜትር ከፍ ያለው ከታችኛው በ2 ባር ያነሰ ያገኛል። ለታችኛው ጎረቤት ሲንዠቀዠቅ ለላይኛው ጠብ የማይለው አንዱ ምክንያት ይኸው ነው።

ቤት ውስጥም ሕጉ አይቀየርም። የሮቶው ውሃ ከሻወሩ ራስ 3 ሜትር ብቻ ከፍ ካለ የሚያገኙት 0.3 ባር ነው፤ ባልዲ ለመሙላት ይበቃል፣ ሰፊ ራስ ላለው ሻወር ግን አይበቃም። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ሻወሩን ይቀይራል፣ ከዚያም ሩቢኔቱን ይቀይራል፣ ምንም አይለወጥም። ገንዘቡ መውጣት ያለበት ሮቶውን ከፍ ማድረጊያው ላይ ወይም ከሮቶው የሚወርደውን ዋና ቧንቧ ከግማሽ ኢንች ወደ ሦስት አራተኛ ወይም ወደ አንድ ኢንች ማስፋት ላይ ነው።

ሮቶውና ፓምፑ

የሮቶ መጠን በግምት አይገዛም። 5 ሰው ያለበት ቤት እያንዳንዱ በቀን 60 ሊትር ቢጠቀም 300 ሊትር ነው፤ ውሃው በ4 ቀን አንዴ የሚመጣ ከሆነ 1200 ሊትር ያስፈልጋል። 1000 ሊትር ውሃ 1 ቶን እንደሚመዝን አይርሱ። ይህን የቆርቆሮ ጣሪያ ማገር አይሸከመውም፣ የጭቃ ቤት ግድግዳም አይሸከመውም። ማማው የራሱ የኮንክሪት መሠረት ይኑረው፤ የሮቶው መቀመጫም ሙሉ ወለል ይሁን። በሁለት አግዳሚ ብረት ላይ ብቻ የተቀመጠ ፕላስቲክ ሆዱ ይወርድና መውጫው አካባቢ ይሰነጠቃል።

ሮቶው 4 አፍ ያስፈልገዋል። መግቢያው ላይ ሲሞላ የሚዘጋ ተንሳፋፊ ኳስ ይኖራል። መውጫው ዝቃጩን እንዳይስብ ከወለሉ ከ5 እስከ 10 ሳንቲ ሜትር ከፍ ይላል። የትርፍ ውሃ ማፍሰሻው ከመግቢያው አንድ ቁጥር ይሰፋል፣ አፉም ትንኝና አይጥ እንዳይገባ በወንፊት ይሸፈናል። አራተኛው ከሥር ያለው ማጠቢያ ነው፤ ብዙ ገጣሚ ይህንን ይዘለዋል፣ በኋላ ዝቃጩን በጣሳ የሚያወጣው ባለቤቱ ነው። በየ6 ወሩ አጥበው ካጸዱት በኋላ ሽቶና ማቅለሚያ የሌለው 5 በመቶ በረኪና ለ1000 ሊትር 1 ሊትር ጨምረው ይሙሉት፤ ቧንቧዎቹን ሁሉ የበረኪናው ሽታ እስኪመጣ ከፍተው ይዝጉና ለ12 ሰዓታት ያቆዩት። ከዚያ ውሃው በሙሉ ይደፋል፤ ለመጠጥም ለምግብም አይሆንም።

አሁን በጣም ርካሹና በጣም የሚረሳው ዕቃ፦ ቼክ ቫልቭ፣ ማለትም ውሃ በአንድ ወገን ብቻ የሚያሳልፈው። ውሃ ሲኖር ቤቱ ከመንገድ፣ ሲጠፋ ከሮቶ እንዲያገኝ ሁለቱ ከተገናኙና ከቆጣሪው ቀጥሎ ቼክ ቫልቭ ከሌለ፣ የመንገዱ መስመር ባዶ ሲሆን የሮቶው ውሃ ወደ ኋላ ይፈሳል። ጠዋት ሮቶውን ባዶ ያገኘ ሰው ተከራይ ይጠረጥራል፣ ጎረቤት ይጠረጥራል። ውሃ በጠፋበት ሰዓት ወደ ቆጣሪው ሄደው ይመልከቱ፤ መርፌው ወደ ኋላ የሚዞር ከሆነ ሌባው ተገኘ። ሲገጠም በአካሉ ላይ ያለው ቀስት ወደ ቤት ማመልከት አለበት።

ፓምፑ የሚስበው ከታችኛው ሮቶ ብቻ ይሁን። ከመንገድ መስመር በቀጥታ ሲስብ ቧንቧው ውስጥ ያለው ግፊት ከውጪው ያንሳል፤ በየመገጣጠሚያው ስንጥቅ የአፈሩ ውሃ፣ አጠገቡ የፍሳሽ መስመር ካለም ፍሳሹ፣ ወደ መጠጥ ውሃው ይገባል። ይህ ጎረቤትን ከማድረቅ የባሰ ነው፤ የራስን ቤት ያሳምማል።

ፓምፕ ሲገዙ የከተማውን ከፍታ ያስቡ። ፓምፕ «ይስባል» ሲባል በእርግጥ ውሃውን ወደ ላይ የሚገፋው የውጪው አየር ነው። በባሕር ወለል አየሩ ውሃን 10 ሜትር ያህል ያነሳል፤ 2400 ሜትር ገደማ ላይ ባለው መሃል አዲስ አበባ ግን በስሌት እንኳ 8 ሜትር አይሞላም። ካርቶኑ ላይ «8 ሜትር ይስባል» የተባለው እዚህ 5 ሜትር ተኩል ቢስብ ነው። ከሮቶ ለሚስብ ችግር የለውም፤ መሬት ውስጥ ከተቀበረ የውሃ ጉድጓድ ለሚስብ ግን ሻጩ ሳይዋሽ ፓምፑ አልሠራ የሚልበት ምክንያት ነው። መሳቢያው ቧንቧ ከመግፊያው አይቅጠን። ያለ ውሃ ለደቂቃዎች የዞረ ፓምፕ የዘንጉ ላስቲክ ይቃጠላል፤ ስለዚህ ታችኛው ሮቶ ውስጥ ውሃ ሲያልቅ መብራቱን የሚቆርጥ ተንሳፋፊ ማብሪያ ያስገቡ።

ውሃው ሲመጣ

መስመሩ ለ2 ወይም 3 ቀን ባዶ ከነበረ ሮቶውን ክፍት ትቶ መተኛት አይሻልም። ወደ ሮቶው የሚወስደውን መዝጊያ ዘግተው ለቆጣሪው ቅርብና ዝቅ ያለ ቦታ ያለውን የግቢ ቧንቧ ይክፈቱ፣ ባልዲ ከሥሩ ያድርጉ። መጀመሪያ ያስነጥሳል፤ አየር ነው። ቀጥሎ እንደ ሻይ የቀላ ውሃ ይመጣል፣ ክረምት ላይ ደግሞ ደፍረስ ያለ። ከ2 እስከ 3 ባልዲ ከሄደ በኋላ አብዛኛውን ጊዜ ይጠራል። የቀላውን አይድፉት፣ ለሽንት ቤትና ለወለል ይሆናል። ሲጠራ የሮቶውን መዝጊያ ቀስ ብለው ይክፈቱ፤ በአንዴ ሲከፈት አየሩ የተንሳፋፊውን ክንድ ይደበድበዋል፣ ላስቲኩም ላይ አሸዋ ይሰነቀራል። ተንሳፋፊው ሙሉ በሙሉ አልዘጋ ብሎ ትርፍ ማፍሰሻው ሌሊቱን ሲያንጠባጥብ ካደረ ኳሱን ከመቀየርዎ በፊት ያቺን የአሸዋ ፍሬ ያውጡ።

በማግሥቱ አንድ ሩቢኔት ደክሞ ከተገኘ አፉ ላይ ያለውን ትንሽ ወንፊት በእጅ ፈትተው ይመልከቱ። የዝገት ቅርፊት፣ ነጭ የቴፍሎን ብጣሽ፣ ጥቁር የላስቲክ ፍርፋሪ ተደርድሮ ያገኛሉ። በኮምጣጤ ውሃ ግማሽ ሰዓት ዘፍዝፈው በድሮ የጥርስ ብሩሽ ያጽዱት። ጥቁሩ ፍርፋሪ ከበዛ አንዱ ፍሌክሲብል፣ ማለትም ሩቢኔቱን ከግድግዳው ቧንቧ ጋር የሚያገናኘው ተጣጣፊ ቱቦ፣ ከውስጡ እየተበላ ነውና ሳይፈነዳ ይቀይሩት።

ቀዝቃዛው እየመጣ ሙቁ ብቻ ከጠፋ፣ ወይም አንድ ክፍል ብቻ ከደረቀ፣ መስመሩ ጎብጦ በወጣበት ቦታ አየር ታስሯል ማለት ነው። ከሮቶ የሚወርድ ዝቅተኛ ግፊት ያንን አየር ለመግፋት አቅም የለውም። ዝቅ ካለው ጀምረው ሩቢኔቶቹን ሁሉ ለ5 ደቂቃ ይክፈቱ። እምቢ ካለ የመንገድ ግፊት ያለበት ቀን ከግቢው ቧንቧ ጎማ ስበው ከደረቀው ሩቢኔት አፍ ጋር አጥብቀው በማሰር ወደ ኋላ ለአንድ ደቂቃ ይግፉት፣ የቦይለሩ መብራት ጠፍቶ። ጎማው ንጹሕ ይሁን፤ እንደጨረሱም ይፍቱት።

ቆጣሪው እየዞረ ማንም ካልከፈተ

ሁሉንም ቧንቧ ዘግተው፣ ሮቶው ሞልቶ እያለ ቆጣሪው ላይ ያለችውን ትንሿን ቀይ ሦስት ማዕዘን ወይም ጥርሳም ክብ ለ10 ደቂቃ ይመልከቱ። ከዞረች ዋናውን መዝጊያ ይዝጉ። አሁንም ከዞረች የሚያፈሰው በቆጣሪውና በመዝጊያው መካከል ነው፤ ከቆመች ግቢው ወይም ቤቱ ውስጥ ነው። በ10 ደቂቃ 1 ሊትር የሚያፈስ ቀዳዳ በቀን 144 ሊትር፣ በወር ከ4 ሜትር ኩብ በላይ ነው፤ በክፍያ ደረሰኙ ላይ የሚታይ ቁጥር ነው። ከጣሪያው ሮቶ በታች ያለ ፍሳሽ ግን በዚህ አይታይም፤ እሱን ለማወቅ ማታ የሮቶውን ደረጃ ምልክት አድርገው መግቢያውን ይዝጉና ጠዋት ያነጻጽሩ።

አብዛኛውን ጊዜ ተጠያቂው የሽንት ቤቱ ታንክ ነው፣ ድምፅ ስለሌለው ይረሳል። ቀይ ሥር የተቀቀለበት ውሃ ግማሽ ብርጭቆ ታንኩ ውስጥ ጨምረው ለ20 ደቂቃ ሳይለቁት ይቆዩ። መቀመጫው ውስጥ ያለው ውሃ ከቀላ ከታንኩ ሥር ያለው ላስቲክ አይዘጋም። መዝጊያውን ዘግተው፣ ታንኩን አፍስሰው ላስቲኩን ይንቀሉና ናሙናውን ይዘው ሱቅ ይሂዱ፤ በቃል የተገዛ ላስቲክ ብዙ ጊዜ አይገጥምም። ውሃው ወደ መቀመጫው የሚፈሰው በመሃል ባለው የትርፍ ቱቦ አናት ከሆነ ደግሞ ጥፋቱ የላስቲኩ አይደለም፤ የውሃው ደረጃ ከቱቦው አፍ 2 ሳንቲ ሜትር ያህል ዝቅ እንዲል ተንሳፋፊውን ዝቅ ያድርጉ።

ቦይለር

50 ሊትር የሚይዝ ባለ 2000 ዋት ቦይለር 18 ዲግሪ የሆነ ውሃን ወደ 60 ለማድረስ 1 ሰዓት ከሩብ ያህል ይፈጅበታል። ሌሊቱን ሙሉ ማብራት ትርፉ የመብራት ቆጣሪ ማስቆጠር ነው። በቀዝቃዛው መግቢያ ላይ ያለችው ትንሽ የደህንነት ቫልቭ ሁለት ሥራ አላት፦ ግፊት ሲበዛ ታስተነፍሳለች፣ የቦይለሩ ውሃም ተመልሶ እንዳይፈስ ትይዛለች። ሲሞቅ ጠብ ጠብ ማለቷ ጤና ነው። «ታፈሳለች» ብሎ አፏን የሚደፍን ባለሙያ ካገኙ ከቤትዎ ያስወጡት፤ የተደፈነ ቦይለር፣ ሲሞቅ መብራቱን የሚቆርጠው ቴርሞስታት በተበላሸ ቀን ቦምብ ነው።

ከውሃ መጥፋት በኋላ የመብራት ቁልፉን ከመንካትዎ በፊት የሙቅ ውሃውን ሩቢኔት ይክፈቱ። ሳይቆራረጥ እስኪፈስ ይጠብቁ፤ ከዚያ ያብሩ። ባዶውን የበራ ማሞቂያ ዘንግ በደቂቃዎች ይቃጠላል። የመሬት ሽቦ የሌለው ቦይለር አይገጠም፣ በዚህ ድርድር የለም።

መገጣጠሚያዎች

የድሮ ቤቶች የብረት ቧንቧ ከውጪ ደህና መስሎ ከውስጥ ዝገቱ ቀዳዳውን እስከ እርሳስ ውፍረት ያጠብበዋል። እንዲህ ያለውን በቁራጭ መጠገን ማቆሚያ የለውም፤ አንዱን ሲፈቱ ሌላው ጥርስ ይሰበራል። ግፊቱ ከቆጣሪው ጋ ደህና ሆኖ ከቤት ውስጥ ከደከመ ሙሉውን በፒፒአር፣ ማለትም በሙቀት በሚበየደው የፕላስቲክ ቧንቧ፣ ይቀይሩት። ለሙቅ ውሃ ፒኤን 20 (የግፊት ደረጃው ነው) የተጻፈበትን ይግዙ።

ፒፒአር ሲበየድ ማሽኑ 260 ዲግሪ ይሁን። 20 ሚሊ ሜትሩ 5 ሰከንድ፣ 25ቱ 7 ሰከንድ፣ 32ቱ 8 ሰከንድ ይሞቃል። ቧንቧውና መገጣጠሚያው በአንዴ ከማሽኑ ወጥተው ቀጥ ብለው ይገባሉ፤ እየጠመዘዙ ማስገባት ክልክል ነው። 20 ሚሊ ሜትሩ 14 ሚሊ ሜትር ያህል ነው የሚገባው፤ ቀድመው በእርሳስ ምልክት ያድርጉ። አብዝቶ ያሞቀና አብዝቶ የገፋ ውስጡ ላይ ከንፈር ይሠራና ቀዳዳውን ይደፍነዋል። ይህ ከውጪ አይታይም፤ ሰቆቹ ከተለጠፉ በኋላ ሻወሩ ሲደክም ነው የሚታወቀው። ስለዚህ ግድግዳው ሳይዘጋ መስመሩ በግፊት ተሞልቶ ቢያንስ አንድ ሌሊት ይደር።

ጥርስ ባለው መገጣጠሚያ ላይ ቴፍሎን የሚጠመጠመው ወደሚጠብቅበት አቅጣጫ ነው፣ ቀጭኑ ከሆነ ለግማሽ ኢንች ከ8 እስከ 12 ዙር። አጥብቀው ከጨረሱ በኋላ ለማስተካከል ወደ ኋላ ከመለሱት ያፈሳል፤ ፈትተው እንደ አዲስ ይጠምጥሙ።

የሚወጣው ውሃ

ፍሳሽ ግፊት የለውም፣ የሚሄደው በተዳፋት ብቻ ነው። ለ50 ሚሊ ሜትር ቧንቧ በ1 ሜትር 2 ሳንቲ ሜትር ዝቅታ፣ ለሽንት ቤቱ 110 ሚሊ ሜትር ከ1 እስከ 2 ሳንቲ ሜትር ይበቃል። ከእያንዳንዱ ሲንክና መታጠቢያ ሥር ያለው የታጠፈ ሲፎን ውስጥ 5 ሳንቲ ሜትር ያህል ውሃ ይተኛል፤ ከጉድጓዱ የሚመጣውን ሽታ የሚያግደው ሌላ ምንም ሳይሆን ያ ውሃ ነው። ውሃ ለረጅም ጊዜ ሲጠፋ ይደርቃል፣ ቤቱም ይሸታል። ለወለል ማፍሰሻው በየሳምንቱ አንድ ጆግ የታጠበበት ውሃ ይድፉበት። ሽንት ቤት ሲለቀቅ የመታጠቢያው ሲፎን የሚንቆረቆር ከሆነ ግን ችግሩ የአየር ማስወጫ ቧንቧ ነው፤ ወይ የለም ወይ ተደፍኗል። የሚወርደው ውሃ አየር ሲያጣ ከሲፎኑ ይስባል። ማስወጫው ከጣሪያ በላይ መውጣት አለበት፤ በኮርኒስ ውስጥ የቀረ ማስወጫ ሽታውን መልሶ ቤት ያስገባል።

ወጥ ቤት ሲንክ የሚደፈነው በሦስት ነገር ነው፦ በቅቤ፣ በቡና አተላና በሊጥ። ቅቤው ትኩስ ሆኖ ይወርድና ቀዝቃዛው ቧንቧ ግድግዳ ላይ ይረጋል፤ አተላው እላዩ ላይ ይጣበቃል። የጤፍ ሊጥ ከሁሉም ይብሳል። ቡሃቃው ሲታጠብ ቀጭን ይመስላል፣ ሲፎኑ ሥር ግን ቀስ ብሎ ይዘቅጥና እንደ ሸክላ ጭቃ ይጠነክራል። የቡሃቃውን እጣቢ ግቢ ውስጥ ለተክል ይድፉት፣ የወጥ ድስቱን መጀመሪያ በወረቀት ይጥረጉት። ከተደፈነ ባልዲ ከሥር አስቀምጠው የሲፎኑን ቀለበት በእጅ ይፍቱ፤ ውስጡ ያለውን ባልዲው ውስጥ አፍስሰው ቀለበቱንና ላስቲኩን አጥበው መልሰው ይግጠሙ። አሲድና በረኪና አይቀላቀሉ፣ የሚወጣው ጋዝ ሳንባ ያቃጥላል።

ከሕንጻው የወጣው ፍሳሽ በማንሆል በኩል ወይ ወደ ከተማው የፍሳሽ መስመር ሄዶ እንደ ቃሊቲው ያለ የፍሳሽ ማጣሪያ ይደርሳል፣ ወይ ግቢው ውስጥ ባለ ጉድጓድ ይጠራቀማል። የትኛው እንደሆነ ቤት ከመግዛትዎ በፊት ማንሆሉን አስከፍተው ይወቁ። ሁለቱም ጋ የጣሪያ አሸንዳ አይገናኝም። ሐምሌ ላይ የጣለ አንድ ዶፍ ጉድጓዱን ይሞላና ፍሳሹ ዝቅ ባለው ሽንት ቤት በኩል ወደ ቤት ይመለሳል። ጉድጓዱ የሚመጠጠው ከመሞላቱ በፊት፣ የሚቻል ከሆነ ግንቦት ላይ ነው። ክዳኑ ሲነሳ ማንም ወደ ውስጥ አይውረድ፣ ለአንድ ደቂቃም ቢሆን፣ የወደቀ ስልክ ለማውጣትም ቢሆን። ውስጡ የሚተነፈስ አየር የለም፤ ሊያወጣው የገባውም አብሮ ይቀራል።